በቀንድ የሚመጣ ዓመት

አጋፋሪ ተድላ የጫፎዋን ትርንጎን በደላት። እሳቷን ወሰደባት፤ ወስዶም አልበቃው፣ ያንኑ እሳት እንደ ስጦታ መልሶ ሊሰጣትና ምስጋና ሊቀበልባት በሯ ላይ ቆመ። ነገሩ ይኸው ነው። የቀረው እንዴት እዚያ እንደ ደረሰ ነው፤ እሱን ቁጭ ብላችሁ ስሙ። ተድላን አንቱ እያልሁ እንድተርክላችሁ የምትጠብቁ ካላችሁ ግን አትድከሙ። ይህን ታሪክ የጀመርሁት አንቱታዬ ሲያልቅ ነው።

አንድ አገር ነበረ። ስሙን የማልጠራው ጠፍቶኝ አይደለም፤ እያዳመጣችሁ እናንተው ትጠሩታላችሁ ብዬ ነው። በዚያ አገር ዓመት በራሱ ጊዜ መጥቶ በየሰዉ ደጅ አይነጋም። ይላካል። ዝናቡ ሲያባራ በቤተ መንግሥቱ እልፍኝ ከምትነደው ታላቅ ምድጃ ፍም ይጫራል፤ ፍሙ በአመድ ተዳፍኖ በጎሽ ቀንድ ውስጥ ይከተታል፤ ቀንዱን «የዘመን አጋፋሪ» የተባለው ሹም በአንገቱ አንጠልጥሎ በበቅሎ ይወጣል። ቀንዱ የደረሰለት መንደር አዲስ ዓመት ገባለት። ያልደረሰለት አሮጌው አልቆበታል፣ አዲሱም አልመጣለትም፤ ሁለት ወንበር መሀል እንደ ተቀመጠ ሰው ነው። ያ መጠበቂያ ጊዜ የወር ስም የለው፣ የዕለት ስም የለው። «የማንም ቀን» ይሉታል።

ወራቱማ ስም አላቸው፤ ስማቸውን ያወጣላቸው ግን ቤተ መንግሥቱ ነው፣ ያወጣላቸውም በራሱ ገበታና በራሱ እንቅልፍ ልክ ነው። ወርኃ ግብዣ አለ፣ ወርኃ አደን አለ፣ ወርኃ ዕረፍት አለ። የጫፎ መንደር ገበሬ «ወርኃ ዕረፍት ገባ» ሲባል በሬውን ይጠምዳል፤ «ወርኃ አደን ገባ» ሲባል ማጭዱን ይስላል፤ በወርኃ ግብዣ ጎተራው ባዶ ስለሆነ ቀበቶውን ያጠብቃል። ልጁ «አባቴ፣ ለምንድን ነው በዕረፍት የምንደክመው?» ብሎ ቢጠይቀው «የወሩ ስም ነው፣ የኛ አይደለም» ይለዋል። ልጁም አድጎ ለልጁ ያንኑ ይላል።

የማንም ቀን ሕግ ደግሞ እንዲህ ነው። አሮጌው ዓመት በሚያልቅበት ምሽት በአገሩ ያለ ምድጃ ሁሉ ይጠፋል፤ ቀንዱ እስኪመጣ እሳት የነካ ወንጀለኛ ነው። በማንም ቀን የተወለደ ልጅ አልተወለደም፤ እልል አይባልለትም። የሞተ ሰው አልሞተም፤ አይለቀስለትም። የተበደለ ሰው ዳኛ ዘንድ ቢሄድ፣ ዳኛው «በምን ቀን ተበደልሁ ልትል ነው?» ብሎ ይመልሰዋል። በማንም ቀን ሥራ የማይፈታ ሰው አንድ ብቻ ነው፤ ግብር ሰብሳቢው። «ግብር ቀን አይመርጥም» ይባላል። ይኸን ያለውን ሰው ባገኘው ደስ ይለኝ ነበር።

አሁን ቀንዱ በምን መንገድ እንደሚሄድ ተመልከቱ። ለቤተ መንግሥቱ ሰዎች የማንም ቀን ከምሽት እስከ ዶሮ ጩኸት ነው፤ ተኝተው ያልፉታል። ለከተማው መኳንንት ጥቂት ይረዝማል፤ እነሱም ቀዝቃዛ ጠጅ ይጠጡበታል። ከዚያ ወዲያ ግን አጋፋሪው በየጌታው ቤት ያርፋል። ዘመን እንግዳ ነዋ! እንግዳ ሳይበላ አይሸኝም፤ ሥጋው ሳያልቅ «ልሂድ» ማለትም ነውር ነው። ቀንዱ በግድግዳው ችካል ላይ ተሰቅሎ ይቆያል፣ አጋፋሪው ከሥሩ ይበላል። ጫፎ የመንገዱ መጨረሻ ናት፤ ከጫፎ ወዲያ ገደልና ዝንጀሮ ብቻ ነው። ዓመት ለጫፎ የሚደርሰው የመስኩ አበባ አብቦ፣ ረግፎ፣ ዘሩን ከበተነ በኋላ ነው። ስለዚህ የጫፎ ዓመት ከፊቱ የተቆረጠ ነው፤ ግብሩ ግን እንደ ሙሉ ዓመት ይከፈላል።

ጫፎዎች ምን ያደርጋሉ? ይለምዳሉ። እሳቱ ከመጥፋቱ በፊት ገብስ ቆልተው ፈጭተው በሶ ያዘጋጃሉ፤ በማንም ቀን በሶውን በቀዝቃዛ ውኃ እየበጠበጡ ይጠጣሉ። ሽማግሎቹ ተሰብስበው ትዕግሥታቸውን ያመሰግናሉ። «ዘንድሮስ ከአምናው ፈጠን ሳይል አይቀርም» ይባባላሉ፤ በየዓመቱ ያንኑ።

ትርንጎ ትዕግሥቷ ያለቀው በዚያ ዓመት ነበር። ባሏ ከሞተ ቆይቷል። አንድ ልጅ አለቻት፣ አትጠገብ ትባላለች፤ የአትጠገብ ባል የቤተ መንግሥቱን አጥር ለማጠር ተወስዶ፣ እሷ በእናቷ ቤት ሆዷ ገፍቶ ነበር። ትርንጎ የሆዱን አወራረድ አየች፣ የመንገዱን ርዝመት አሰበች። ልጁ ቀንዱን እንደማይጠብቅ ገባት። አራስ ደግሞ ያለ እሳት፣ ያለ ትኩስ ገንፎ፣ በዚያ ብርድ! ስለዚህ እሳት በሚጠፋበት ምሽት ምድጃዋን እንደ ጎረቤቶቿ አጥፍታ፣ አንዲት ፍም በገንቦ ገል ውስጥ አድርጋ፣ ኩበት አልብሳ፣ አመድ አዳፍና ጓዳ ደበቀቻት።

አመድ ዳሳሽ የሚባል ሹም አለ። በጫፎ ይህን ሹመት ከአባቱ የወረሰው መኩሪያው የሚባል ሰው ነበር። ሥራው በየቤቱ እየዞረ መዳፉን አመድ ውስጥ ሰዶ «ቀዝቅዟል» ማለት ነው። ከልጅነቱ ጀምሮ ትኩስ አመድ ሲዳስስ የኖረ መዳፍ እንደ በሬ ሰኮና ደንድኖ፣ ሙቅና ቀዝቃዛ መለየት ከተወ ቆይቷል። መንደሩ ያውቃል፤ እሱም ያውቃል። ሹመቱ ግን ለመዳሰስ ነው እንጂ ለመለየት አይደለም። መኩሪያው የትርንጎን ምድጃ ዳሰሰ፤ ቀጥሎ ጓዳ ዘልቆ ገሉን አየ።

«ይኸ ምንድን ነው እመት ትርንጎ?»

«የኩበት አመድ ነው። ለቁንጫ።»

መዳፉን ሰደደበት። ጓዳው የተቃጠለ ቆዳ ሸተተ።

«በረዶ ነው» አለ መኩሪያው።

«በረዶማ ነው» አለች ትርንጎ። «ይልቅ እጅህን ቅቤ ቀባው፤ ከበረዶው ብዛት ጨሰ።»

ከዚያ ወዲያ ትርንጎ ፍሟን እንደ ጥጃ ኩበት እየመገበች አቆየቻት። የኩበት እሳት ዝም ብሎ ውስጥ ውስጡን ነው የሚበላው፤ ሽታውም ከበረቱ ሽታ ጋር ተቀላቅሎ ማንም አላወቀባትም። በመንደሩ በሶው እያለቀ ሄደ። ቀንዱ ግን የለም። ከላይ ከደጋው የመጣ መንገደኛ «ዘመን የት ደረሰ?» ተብሎ ሲጠየቅ «ከፊታውራሪ ቤት ነው፤ ትናንት ሌላ ሰንጋ ጥለውለታል» አለ።

አትጠገብ በዚያው ሰሞን ወለደች። ወንድ ልጅ። የመጡት ጎረቤቶች እልልታቸውን ነጠላቸውን አፋቸው ውስጥ ጎስጉሰው አሉት፤ እልልታው ታፍኖ እንደ ሳል ወጣ። ልጁ ምንም ሕግ አልነገሩትምና አገር እስኪሰማ አለቀሰ። ሴቶቹ ወጥተው ሲሄዱ አትጠገብ ተንቀጠቀጠች፤ ጥርሷ ተንገጫገጨ፤ ከንፈሯ አመድ መሰለ።

«እማ፣ እግሬ የለም» አለች።

ትርንጎ ገሉን ከጓዳ አወጣች። ፍሟን ምድጃ ላይ ገለበጠች፣ እፍ አለችባት፣ ኩበት ጨመረች። በማንም ቀን፣ በጫፎ፣ ጣሪያ ሰንጥቆ ጭስ ወጣ። ጎረቤት አየ። ጎረቤት ዝም አለ። የጫፎ ሰው ዝም ማለት ያውቃል፤ ለአንድ ጊዜ እንኳ ለደግ ነገር ዋለለት። አትጠገብ ገንፎ በላች፣ ላብ አላባት፣ ጡቷ ወተት ሰጠ። ትርንጎ ከዚያ ወዲህ እሳቷን አላጠፋችም።

አሁን ወደ ተድላ ልመለስ፤ ካልተመለስሁ ይሻለኝ ነበር። አጋፋሪ ተድላ ከፊታውራሪ ቤት ሲነሣ በቅሎዋ ላይ የወጣው ተደግፎ ነው። ቁልቁለቱን በእንቅልፍ ወረደው። ከጫፎ በታች ያለውን ወንዝ ሲሻገር በቅሎዋ ተሰናከለች፤ ተድላ ወንዙ ውስጥ ቁጭ አለ፤ ቀንዱ ጠጣ። ዘመኑ «ችስ» አለና ጠፋ። ወደ ኋላ እንዳይመለስ ያለ ወቅቱ ከደጋው የወረደው ጎርፍ ወንዙን ሞላው። ቢመለስስ ምን ሊል ነው? ዘመን ያጠፋ አጋፋሪ ቆዳው ይገፈፋል የሚል ሕግ አለ፤ ያንን ሕግ ያወጣው ደግሞ የሱው አያት ነበር። እርጥቡን ልብሱን ጨምቆ፣ ቀንዱን አንጠልጥሎ ወደ ጫፎ ወጣ። ረፋድ ላይ ደረሰ።

መንደሩ ግልብጥ ብሎ ወጣ። ጭቃ ሹሙ ዳምጤ ከፊት ቆሞ እጅ ነሣ። ዳምጤ ክፉ ሰው አይደለም፤ አንገቱ ለመነቅነቅ ብቻ የተሠራ ሰው ነው።

«እንኳን ደህና መጡ ጌታዬ» አለ። ቀና ሲል ቀንዱን አየና «ብቻ... ቀንዱ ይንጠባጠባል እኮ» አለ።

«ላብ ነው!» አለ ተድላ። «ያን ሁሉ አገር አቋርጦ ሲመጣ ዘመን አያልበውም?»

«ያልበዋል ጌታዬ።»

«አይጨስምሳ?» አለች ከኋላ ዘርፌ። ዘርፌ የትርንጎ አጥር ተጋሪ ናት፤ አፏ በር የለውም።

«ጭሱን ወደ ውስጥ እየሳበው ነው» አለ ተድላ።

«ይስባል» አለ ዳምጤ፣ አንገቱን እየነቀነቀ።

በዚህ መሀል ተድላ ዓይኑን ወደ ጣሪያዎቹ ጣል አደረገ። አንዱ ይጨሳል። ፊቱ መጀመሪያ በቁጣ ተቋጠረ፤ ቀጥሎ ደግሞ፣ የነበሩት እንደሚሉት፣ እንደ ሠርገኛ በራ።

«ያ የማነው ቤት? በማንም ቀን እሳት! ማንም እንዳይከተለኝ! የወንጀል እሳት በዓይን ይጋባል!»

ብቻውን ገባ፣ በሩን ከውስጥ ዘጋ። ትርንጎ ገንፎ እያማሰለች ነበር። አትጠገብ መደቡ ላይ ልጇን ታቅፋለች።

«እሳት አነደድሽ» አለ።

«አራስ አለችብኝ ጌታዬ። ይዩዋት።»

«በማንም ቀን ልጅ አይወለድም።»

«እንግዲያ ይኸ የሚያለቅሰው ምንድን ነው?»

«እኔ የሚያለቅስ አልሰማሁም» አለ ተድላ፣ ድምፁን ከልጁ ለቅሶ በላይ ከፍ አድርጎ።

ቀጥሎ ያደረገውን እናትና ልጅ በዓይናቸው አዩ። ተንበረከከ። ቀንዱን ምድጃው ጠርዝ ላይ ደፋው፤ ጭቃ የሆነ አመድና የወንዝ ውኃ ወጣ፤ አንዲት ትንሽ ዓሣም ነበረችበት ይባላል፣ እሱን አላጋንንም። ከዚያ በትርንጎ ማንኪያ ከትርንጎ ምድጃ ፍሙን እየመረጠ፣ ደህና ደህናውን፣ ቀንዱን ሞላው። ሲጨርስ ተነሣና የውኃውን እንስራ አንሥቶ በቀረው እሳት ላይ አፈሰሰ። ቤቱ በእንፋሎት ተሞላ። ገንፎው ላይ አመድ ዘነበ።

«ጌታዬ! ይኸ ለምን?» አለች ትርንጎ።

«ሕገ ወጥ እሳት ነበራ።»

«ቀንዱ ውስጥ ያለውስ?»

«እሱማ ተይዟል። የተያዘ እሳት ሕጋዊ ነው።»

እንዲህ ያለ ነገር ሰምቶ መልስ የሚመጣለት ሰው የለም፤ መልስ የሚመጣው ከርሞ ነው። ተድላ በሩን ከፍቶ ወጣ። ቀንዱ አሁን ይጨሳል። «ዘመን ገባ!» ብሎ ጮኸ፤ የመንደሩ እምቢልታ ተነፋ፤ ጫፎ በእልልታ ተናወጠች።

ሥርዓቱ ከበር ወደ በር ነው። አጋፋሪው በየቤቱ ደጃፍ ይቆማል፤ የቤቱ ባለቤት ጎንበስ ብሎ «ከዘመን ባለቤት ዘመን ተቀበልሁ» ይላል፤ ያኔ አንድ ፍም ይወድቅለታል። በዚያን ቀን እሳት ከአጋፋሪው እጅ እንጂ ከጎረቤት መጫር አይፈቀድም። ተድላ በዳምጤ ጀመረ። ዳምጤ ጎንበስ አለ፣ ቃሉን አለ፣ ፍሙን ተቀበለ። ቀና ሲል አፍንጫው ተንቀሳቀሰ። የቤተ መንግሥቱ ፍም የወይራ ነው፤ ገና ከሩቅ ነው የሚያውደው። ይኸኛው...

«ጭቃ ሹም» አለች ዘርፌ ተራዋን ስትጠብቅ፣ «ቤተ መንግሥቱ ዘንድሮ ኩበት ማንደድ ጀመረ እንዴ?»

«ዝም በይ አንቺ!»

«ዝም ብዬ ነው ያሸተትሁት።»

ዳምጤ ወደ ትርንጎ ጣሪያ ተመለከተ። ጭሱ የለም። አፍንጫው ያወቀውን አፉ አልደፈረም። ከበር ወደ በር፣ ከምድጃ ወደ ምድጃ፣ ጫፎ በሙሉ በትርንጎ ኩበት ሞቀች፤ ሰዉ ሁሉ አሸተተ፤ ሰዉ ሁሉ ጎንበስ ብሎ ተድላን አመሰገነ።

የትርንጎን በር ተድላ መጨረሻ ላይ አደረገው። ሆን ብሎ ነው። ትርንጎ በሩ ላይ ቆማለች፤ ከኋላዋ ጨለማና እርጥብ አመድ ነው፤ ከመደቡ የአትጠገብ ጥርስ ሲንገጫገጭ እስከ ውጭ ይሰማል። የልጁ ለቅሶ ግን መቅጠን ጀምሯል። ልጅ ለቅሶው ሲቀጥን እናቶች ያውቃሉ ምን ማለት እንደ ሆነ። መንደሩም በስተጀርባ ተሰብስቧል።

«ይች ሴት» አለ ተድላ ለመንደሩ፣ «ዘመን ሳይመጣ እሳት ያነደደች ናት። ዓመቱን ሙሉ ምድጃዋ ሊዘጋ ይገባ ነበር። እኔ ግን ምሕረት አለኝ። አንዲት ነገር ብቻ ትጨምርበት። "እሳቴ የሌባ እሳት ነበረች፤ ከዘመን ባለቤት ዘመን ተቀበልሁ" ትበል፣ ፍሟን ትውሰድ።»

ቀንዱ ውስጥ የቀረችው አንዲት ፍም ናት። ትርንጎ አየቻት፤ በመልኳ አወቀቻት።

«እትዬ ትርንጎ፣ በይውና ተገላገይ» አለ ዳምጤ በሹክሹክታ። «ቃል ነው። ቃል አያቃጥል፣ አይበርድ። እኛ ሁላችን ብለነው የለ?»

«አዎ» አለች ትርንጎ። «ሁላችሁም ብላችሁታል።»

አፏን ከፈተች። እውነቱን ልንገራችሁ፤ ልትለው ነበር። ልጇ እየበረዳት ማን ይኮራል? ኩራት ለጠገበና ለሞቀው ሰው ነው። «እሳቴ...» ብላ ጀመረች። በዚህ ጊዜ ከጓሮ በኩል የአጥሩ እንጨት ተንቋቋ፤ የጓዳው በር ሲጥ አለ። ትርንጎ ዞር አላለችም። ከኋላዋ አንድ ሰው እፍ፣ እፍ ሲል ሰማች፤ ኩበት ሸተታት፤ ጀርባዋ ላይ ሙቀት ተሰማት። ዘርፌ ከተሰበሰበው ሕዝብ መሀል አልነበረችም። በራሷ ደጃፍ የተቀበለችውን ፍም በገል ይዛ፣ አጥር ተሻግራ፣ ሕግ ተሻግራ ገብታ ነበር።

መንደሩ ቀና ብሎ ጣሪያውን አየ። ጭሱ ወጣ፣ ከመጀመሪያው ወፍሮ። መኩሪያው ሳይቀር፣ ያ ሙቀት የማያውቀው አመድ ዳሳሽ፣ የደነደነ መዳፉን ዘርግቶ «ሞቀ» አለ።

«ያ ጭስ ምንድን ነው?» ብሎ ጮኸ ተድላ። «ማን ፈቀደ? ዘመኑን ገና አልሰጠሁሽም እኮ! አንቺ ሴትዮ፣ እየጠየቅሁሽ ነው፣ ያ እሳት ከየት መጣ?»

ትርንጎ ነጠላዋን አስተካከለች። ከበሩም ፈቀቅ አላለች። መንደሩ ሁሉ በሰማው ድምፅ እንዲህ አለችው፦

«የራሴው እሳት ነው አጋፋሪ፤ መንደሩን ዞሮ፣ ጎረቤት ጠይቆ ገባ። ዘመኑም የወጣው ከዚሁ ምድጃ ነው፤ እርስዎ ተሸክመው ከመዞር በቀር ያመጡት ነገር የለም። ስለዚህ ቃሉን እኔ አልለውም። እርስዎ ጎንበስ ይበሉና ይበሉት፣ እሰማለሁ። ብለው ሲጨርሱም በሩን ቀስ አድርገው ይዝጉልኝ፤ አራስ ተኝታለች።»